ያላወቅሽውን አጥፊ

ቁጡ ነኝ፤ ይህን አስቀድሜ መናገር ይሻላል። ሰው ሲንቀራፈፍብኝ እቆጣለሁ፤ ዕቃ ሲንቀራፈፍብኝ ደግሞ ይብስብኛል፤ ሰው ቢያንስ መልስ ይሰጣል። በዚያ ላይ ምን እንደሚሠራ የማላውቀው ነገር ቤቴ ውስጥ ሲቀመጥ ያሳክከኛል። እናቴ «ይህች ልጅ አንድ ቀን ጣራውንም ትጥለዋለች» ትል ነበር። የዚያን ቀኑ ጣጣ የመጣው ከነዚህ ከሁለቱ ጠባዮቼ ነው።

ሚሊኒየሙ ሊገባ አንድ ሁለት ዓመት ሲቀረው ልደታ፣ ከፍርድ ቤቱ ፊት ለፊት ከነበሩት የቆርቆሮ ክፍሎች በአንዷ ማመልከቻ እተይብ ነበር። ክፍሏ አንድ ጠረጴዛ፣ አንድ ኮምፒውተር፣ አንድ ፕሪንተርና ለባለጉዳይ የሚሆን አግዳሚ ወንበር ከያዘች በኋላ ለእግሬ እንኳ በቅጡ አትበቃም። ባለጉዳይ ይገባል፤ ያለቅሳል ወይም ይቆጣል። እኔ ከልቅሶውና ከቁጣው ውስጥ ፍርድ ቤት የሚፈልገውን እየለቀምኩ በደንቡ እጽፍለታለሁ። ሥራዬን እወደው ነበር። ሲጽፉልህ ነገርህ ነገር ይመስላል፣ ብሎኝ የሄደ አንድ ባለጉዳይ ነበር።

ፕሪንተሩ አዲስ ነው። የድሮው ግራና ቀኙ በብሎን በሚጠብቅ ወፍራም ገመድ ይታሰር ነበር፤ አዲሱ ዩ ኤስ ቢ በሚሏት ቀጭን ገመድ ይሰካል፤ ሲሰካም ኮምፒውተሩ «ዲንዶን» ብሎ መምጣቱን ያበስራል። ከፕሪንተሩ ጋር የመጣችውን ሲዲ የጫነልኝ ጠመንጃ ያዥ ሰፈር ሱቅ ያለው ኮምፒውተር ጠጋኝ ነው፤ ረጋ ያለ፣ ሲናገር የሚጎተት ሰው። ሲጨርስ ሲዲዋን በእጄ ሰጥቶ «ይህችን በደንብ አስቀምጪያት» አለኝ። ሥራዋን ጨርሳ የለ እንዴ፣ አልኩ በሆዴ። በሳምንቱ ታናሽ ወንድሜ መጣ። ወንድሜ ከልደታ መርካቶ የሚሠራ የታክሲ ሹፌር ነው። ያኔ ታክሲ ሁሉ መስታወቱ ላይ ሲዲ ያንጠለጥል ነበር፤ ፀሐይ ሲያገኘው ቀስተ ደመና ይሠራል። «ጀለሶቼ ሁሉ አላቸው፤ የኔ መስታወት ብቻ ራቁቱን ነው» አለኝ። ሰጠሁት። እንደውም ከቤቴ አንድ የማላውቀው ነገር ስለ ወጣልኝ ደስ አለኝ።

አሁን ወደ ደንቡ ልምጣ። በዚያ ዘመን ባለጉዳይ ሁሉ ፍላሽ ይዞ ይመጣል፤ ፍላሹም ቫይረስ ይዞ ይመጣል። ማህደሮችሽ በድንገት ይጠፋሉ፤ ወይም አንዱ አሥር ሆኖ ይወለዳል። የእኛ ሰፈር ጸሐፊዎች ለዚህ አንድ መድኃኒት ነበረን፤ አንዷ ለሌላዋ እያስተላለፈች እኔ ዘንድ የደረሰ ነው፤ «ያላወቅሽውን አጥፊ»። ስሙ የማይነበብ፣ ሲጫኑት የማይከፈት፣ ማን እንዳመጣው የማይታወቅ ፋይል ካየሽ አጥፊው፤ የጠፋው የሚጠራቀምበትን ቅርጫትም ባዶ አድርጊ። በዚህ ደንብ ብዙ ዘመን ኖርን። ምናልባት ቫይረሶቹም ኖረውበታል።

እማማ የመጡት በሐምሌ መጨረሻ፣ ፍርድ ቤቱ ለክረምት ሊዘጋ ቀናት ሲቀሩት ነበር። ስማቸውን መጻፍ አልፈልግም፤ ሁላችንም እማማ ነበር የምንላቸው። ጌጃ ሰፈር በአንዲት ባልቴት ቤት አርባ ዓመት ኖረዋል። ባልቴቲቱ ዓይናቸው ጠፍቶ፣ ጆሯቸውም ደክሞ ስለነበር ሰው የሚነግራቸውን ጆሯቸው ሥር ሆነው ጮክ እያሉ የሚያስረዱት፣ እሳቸው የሚሉትንም ለዕድሩ፣ ለጎረቤቱ፣ ለሐኪሙ የሚያደርሱት እማማ ነበሩ። ባልቴቲቱ ሲሞቱ ከሩቅ የመጡ ዘመዶች ቤቱን ወረሱ። እማማን አዩና ግራ ገባቸው። እህት አይደሉም፣ ልጅ አይደሉም፤ ሠራተኛ እንዳይባሉ ደመወዝ ተቀብለው አያውቁም። ዘመዶቹ ክሳቸው ላይ «በቤቱ ውስጥ ለምን እንደምትኖር የማናውቃት ግለሰብ» ብለው ጻፉ። ተከራከሩ፤ እማማ ለቀው እንዲወጡ ተፈረደ። የይግባኙ ጊዜ በማግስቱ፣ መዝገብ ቤቱ ሲዘጋ፣ በአሥራ አንድ ሰዓት ተኩል ያልቃል።

«ለምን እስካሁን ቆዩ እማማ?» አልኳቸው፤ ተቆጥቼ።

«ዘመዶቹ መልሰው የሚጠሩኝ መስሎኝ ነበር» አሉ።

ከሰዓቱን ሙሉ ተየብኩ። ሰባት ገጽ ሆነ። ሳነበው እኔ ራሴ ወደድኩት። «ነገ ጠዋት ይምጡ፤ አትሜ እጠብቅዎታለሁ» ብዬ ሸኘኋቸው። ከመዝጋቴ በፊት ግን ኮምፒውተሩ መንቀራፈፍ ጀመረ። የዕለቱ ፍላሽ አንድ ነገር ጥሎብኛል ብዬ ጠረጠርኩ። ውስጡን ከፍቼ አንዱን ማህደር ባየው መአት ፋይል ተደርድሯል፤ ሁሉም ነጭ መልክ፣ ጥርስ ያለው ጎማ የተሳለባቸው፣ ስማቸው ፊደልና ቁጥር የተደባለቀ፣ መጨረሻቸው ዲ ኤል ኤል የሚል። አንዱን ብጫነው አይከፈትም። ሌላውን ብጫነው፣ ይህን የሚከፍት ፕሮግራም አላውቅም ይለኛል። ማን አስገባችሁ! መርጬ አጠፋሁ። አንዳንዶቹ «ሌላ ፕሮግራም እየተጠቀመብኝ ነው» ብለው እምቢ አሉ፤ ሌሎቹ ሄዱ። ቅርጫቱን ባዶ አደረግሁና ቤቴ ገብቼ ጥሩ እንቅልፍ ተኛሁ። ሳይቸግር ጤፍ ብድር ይሏል ይህ ነው።

በማግስቱ እማማ ሁለት ሰዓት ላይ ነጠላቸውን አጣፍተው አግዳሚው ላይ ተቀምጠዋል። ኮምፒውተሩን አበራሁ፤ ማመልከቻው በቦታው አለ። አትም አልኩት፤ ዝም። ፕሪንተሩ አረንጓዴ መብራቱን አብርቶ ያየኛል። ገመዱን ነቅዬ ሰካሁት፤ «ዲንዶን» አለ። አትም አልኩት። አንዲት ትንሽ መስኮት ብቅ ብላ፣ እንዲህ የሚባል ፋይል ስላልተገኘ ፕሮግራሙ ሊጀምር አልቻለም አለችኝ። የፋይሉ ስም ዩ ኤስ ቢ በሚል ጀምሮ በዲ ኤል ኤል ያልቃል። የማላውቀው ስም ነው። እኔ የምፈልገው የእማማን ፋይል፣ እሱ የሚፈልገው ሌላ ፋይል። ማመልከቻው እዚህ ነው፤ ፕሪንተሩ እዚህ ነው፤ ገመዱ እዚህ ነው፤ ወረቀቱ ገብቷል። ምን ጎደለ?

«ገመዱ አልጠበቀ ይሆናል» አሉ እማማ።

ገመዱን በሌላ ቀዳዳ ሰካሁት። «ዲንዶን»። ሁሉም ቀዳዳ በትክክል ሰላም ይላል፤ አንዱም አይታዘዝም። ይኼ ነው እጅግ ያደናገረኝ፤ ኮምፒውተሩ የፕሪንተሩን መምጣት ያውቃል፤ ሰላምታ ሰጥቶታል፤ ነገር ግን አንዲት ቃል ሊነግረው አልቻለም።

ማመልከቻውን በፍላሽ ይዤ ጎረቤቴ ወዳለው ጽሕፈት ቤት ሮጥኩ። ባለቤቱ ጨዋ ሰው ነው፤ ባለጉዳይ ተኮልኩሎበት ሳለ ቦታ ለቀቀልኝ። ከፈትኩት። ያ ሰባት ገጽ ሙሉ ጥርስ የወለቀ የፈረንጅ ፊደል፣ ጥያቄ ምልክትና የዶላር ምልክት ሆኖ መጣ። የእሱ የአማርኛ ፕሮግራም ሌላ፣ የእኔ ሌላ። ያኔ እንዲህ ነበር፤ በአንድ ሰፈር ተቀምጠን፣ በአንድ ቋንቋ እየጻፍን፣ ኮምፒውተሮቻችን አይደማመጡም። እንደገና ልተይበው ብል የቁልፎቹ አቀማመጥም ለየቅል ነው፤ «ለ» ስፈልግ «ጠ» ይመጣል። አንድ አንቀጽ ለመጻፍ ግማሽ ሰዓት ፈጀሁ፤ እሱም ስሕተት በስሕተት ነው። ከኋላዬ የተሰለፉት ባለጉዳዮች ማጉረምረም ጀመሩ። የእኔ ዓይነት ፕሮግራም ያላት ሌላዋ ጸሐፊ ደግሞ ዘመድ ሞቶባት ለቅሶ ሄዳለች።

ስመለስ እማማ ከተቀመጡበት አልተነቃነቁም። «ሆነ?» አሉኝ። «ሊሆን ነው» አልኩ፤ ዋሸሁ። ፈርቼ ነበር። ሰባት ገጽ የሰው ኑሮ በኮምፒውተሩ መስታወት ውስጥ ይታያል፤ ወረቀት ላይ ግን መውረድ እምቢ ብሏል።

ጠጋኙን ከጠመንጃ ያዥ ይዤው የመጣሁት ከምሳ በኋላ ነው። ሱቁ ውስጥ ሁለት ሰው ስለነበረ እነሱን ሳይጨርስ አልነሳም አለ። ክፍሌ ሲደርስ ኮምፒውተሩ ፊት ተቀምጦ መስኮቲቱን ረጋ ብሎ አነበባት።

«ፋይሏ የለችም» አለ።

«የቷ ፋይል? ማመልከቻው እኮ አለ።»

«የማመልከቻው አይደለችም። መካከለኛዋ ናት።» በእጁ ወደ ፍርድ ቤቱ አመለከተ። «ችሎት ገብተሽ አስተርጓሚ አይተሻል?»

«በየቀኑ።»

«ዳኛው የሚያውቀው አማርኛ ነው። ተከሳሹ በሌላ ቋንቋ ይናገራል። ሁለቱም ጤነኞች ናቸው፤ አስተርጓሚው ከቀረ ግን ችሎቱ ይቆማል። የሚጽፈው ፕሮግራም የዚህን ፕሪንተር ቋንቋ አያውቅም፤ ማወቅም የለበትም። ሲፈልግ ይህችን ፋይል ይጠራል፤ እሷ ትነግርለታለች።»

«ታዲያ ለምን አትከፈትም? ሰው ሲጫናት ለምን ዝም ትላለች?»

«አትከፈትም፤ ትጠራለች እንጂ። አስተርጓሚ ብቻውን ችሎት ገብቶ ምን ይናገራል? ላይብረሪ ይሏታል።»

«መጽሐፍ አላት?»

«የላትም። ብዙ ፕሮግራሞች እየተዋሱ ስለሚጠቀሙባት ነው።»

«የማን ናት ታዲያ፣ የኮምፒውተሩ ወይስ የፕሪንተሩ?»

«ከፕሪንተሩ ጋር መጣች፤ የምትኖረው ኮምፒውተሩ ውስጥ ነው። የማንም አይደለችም በይ።»

እውነቱን ለመናገር እስከዛሬ በደንብ ገብቶኛል ለማለት አልደፍርም። ቤቴ የምትኖር፣ የማንም ያልሆነች፣ ብቻዋን ምንም የማትሠራ፣ ከሌለች ግን ሁሉም ነገር የሚቆምባት። ያን ጊዜ ደግሞ ጭራሽ ዞረብኝ። እማማ ግን አግዳሚው ላይ ሆነው ራሳቸውን ይነቀንቁ ነበር፤ ልክ የገባቸው ሰው እንደሚነቀንቀው።

«የሰሞኑ ቫይረስ አጥፍቷት ይሆናል» አለ ጠጋኙ። «ወይ አንቺ ያጠፋሽው ነገር አለ?»

ያን ጊዜ ነው የትናንትናው ትዝ ያለኝ፤ ነጫጮቹ፣ የጎማ ሥዕል ያለባቸው፣ ባዶ የሆነው ቅርጫት። «አላጠፋሁም» አልኩ። ይህንንም ዋሸሁ። እማማ ፊት ደፍሬ መናገር አልቻልኩም።

«ግድ የለም» አለ፤ «ሲዲዋን ስጪኝ፤ ከሷ ላይ እመልስልሻለሁ።»

ሲዲዋ ከልደታ መርካቶ እየተመላለሰች መሆኗን ነገርኩት። አልሳቀም፤ አልተቆጣምም። እንዲህ ያለው ነገር የመጀመሪያው አልነበረም መሰለኝ፤ «የስንቱ ፕሮግራም ታክሲ ላይ ይዞራል» አለ ብቻ።

የወንድሜ ስልክ ዝግ ነው። ልደታ ማርያም አጠገብ ወዳለው የታክሲ ተራ ሮጥኩ። ተራ አስከባሪው ወንድሜ አሁን ጭኖ መውጣቱን፣ መርካቶም ዛሬ መንገዱ የተዘጋጋ መሆኑን ነገረኝ። ቆሜ ጠበቅኩ። ስንት ታክሲ መጣ! ሁሉም መስታወት ላይ ሲዲ ያብረቀርቃል፤ የዘፈን፣ የመዝሙር፣ የማን እንደሆነ የማይታወቅ። እያንዳንዱን ሳይ ምናልባት በአንዱ ቢሮ አንድ ሰው ይህችን እየፈለገ ይሆናል እላለሁ። ዘጠኝ ሰዓት አለፈ። አሥር ሰዓት ሊሆን ሲል የወንድሜ ታክሲ በዝናቡ መካከል ብቅ አለ።

«ሲዲዬን» አልኩት በመስኮቱ።

«ምነው፣ ሰጥተሽኝ የለ?»

«ሲዲዬን ስጠኝ፤ አለዚያ መስታወትህን ነቅዬ ነው የምሄደው።»

ጠባዬን ያውቃል፤ ክሩን በጥርሱ በጥሶ ሰጠኝ። ሲዲዋን ሳያት ላለቅስ ደረስኩ። የታችኛው ፊቷ ተጫጭሯል፤ በላይኛው ፊቷ ላይ ወንድሜ የልደታ ማርያምን ተለጣፊ ሥዕል ለጥፎባታል።

ክፍሌ እንደ ገባሁ ሥዕሉን ለመላጥ ጥፍሬን ሳስገባ ጠጋኙ እጄን ያዘኝ። የዚያን ቀን ድምፁን ከፍ ያደረገው ያኔ ብቻ ነው። «አትንኪያት። ሁሉ ሰው የተጻፈው በሚያብረቀርቀው በኩል ይመስለዋል። የተጻፈው ከላይ፣ ከሥዕሉ ሥር ነው። ከላጥሻት አብሮ ይነሳል።»

ይኼም ዞረብኝ። ደግነቱ ለመጠየቅ ጊዜ አልነበረም። ሲዲዋ ከነሥዕሏ ገባች። ሥዕሉ ሚዛኗን ስላሳታት ኮምፒውተሩ ወፍጮ ቤት መሰለ፤ ጠረጴዛው ተንቀጠቀጠ። ሌላ ጭንቀት መጣብኝ። «ማርያም እዚያ ውስጥ እየዞረች እኮ ነው» አልኩ፤ «ነውር አይሆንም?»

«ትዙር» አሉ እማማ። «ለእኔ ነው የምትዞረው።»

ፕሮግራሙ ግማሽ ደርሶ ቆመ፤ ማንበብ አልቻልኩም አለ። ጠጋኙ ሰረዘው፤ እንደገና ሞከረ፤ እዚያው ቦታ ቆመ። አሥር ተኩል ሆነ። ከዚያ ሙሉውን ትቶ ሲዲዋን ከፈተና ከውስጧ ያቺን አንዷን ፋይል ፈልጎ አገኛት። ትንሽ ናት፤ ከእማማ ማመልከቻ እንኳ ታንሳለች። መጀመሪያ አንድ ቦታ ገለበጣት፤ አልሆነም። ስሙ ከዚያ ብዙም የማይለይ ሌላ ቦታ ገለበጣት። በሁለቱ ቦታዎች መካከል ያለው ልዩነት ምን እንደሆነ ነግሮኛል፤ አልሰማሁትም፤ ዓይኔ ሰዓቱ ላይ ነበር። ኮምፒውተሩን አጥፍቶ አበራው። ያ የመነሻ ጊዜ እንደዚያ ቀን ረዝሞብኝ አያውቅም።

«አሁን እዘዢው» አለኝ።

አዘዝኩት። ፕሪንተሩ ጉሮሮውን እንደሚጠርግ ሰው አንዴ ኳ ኳ አለና ወረቀቱን ሳበ። የመጀመሪያዋ ገጽ ወጣች፤ በአማርኛ። እማማ ከአግዳሚው ተነስተው ሰባቱንም ገጽ አንድ በአንድ ከፕሪንተሩ አፍ በሁለት እጃቸው ተቀበሉ።

ፍርድ ቤቱ ግቢ የደረስነው በዝናብ ነው፤ ወረቀቱን ቀሚሴ ውስጥ ደብቄ፣ እማማን በክንዳቸው እየደገፍኩ። የመዝገብ ቤቱ ሠራተኛ መሳቢያውን እየቆለፈ ነበር። ሰዓቱን አየ፤ እማማን አየ፤ መሳቢያውን መልሶ ከፈተ። ማኅተሙ ሲያርፍ ወጥቼ ደረጃው ላይ ተቀመጥኩ።

ውጤቱን ለማወቅ ለቸኮለ ሰው ልንገር፤ ይግባኙ ያስቀርባል፣ ዘመዶቹ ቀርበው መልስ ይስጡበት ተባለ፤ ክርክሩም ስንት ጊዜ ተመላለሰ። በስተኋላ ለእማማ ተፈረደላቸው፤ ሰፈሩ እስኪፈርስ ድረስ ከዚያ ቤት የነቀላቸው የለም። የዚያን ቀን ግን ይህን አናውቅም። ደረጃው ላይ ተቀምጠን ዝናቡ እስኪያባራ እንጠብቃለን፤ እማማ ማኅተም ያረፈበትን ቅጂ ነጠላቸው ውስጥ ጠቅልለው ይዘዋል።

«እማማ፣ ያቺን ፋይል ያጠፋኋት እኔ ነኝ» አልኳቸው። «ቫይረስ አይደለም። ትናንት ማታ፣ እርስዎን ከሸኘሁ በኋላ። ምን እንደምትሠራ አላውቅም ነበር።»

ይቆጡኛል ብዬ ጠበቅኩ፤ ቢቆጡኝ ደስ ባለኝ። ዝናቡን እያዩ፣ «ካላወቅሽ ብትጠይቂ ምን ነበረበት?» አሉ።

«ማንን እጠይቃለሁ እማማ? ፋይል እንደሁ አፍ የለው።»

«እውነትሽን ነው» አሉ። ነጠላቸውን ወደ ደረታቸው ጠጋ አደረጉ። «እኔ ግን አፍ ነበረኝ። እነሱም አልጠየቁኝም።»